ስድስተኛው ጣት

ከብዙ ዓመታት በፊት አንድ የኖታ ቅጂ እጄ ገባ። የፎቶ ኮፒ ፎቶ ኮፒ ስለ ነበረ መስመሮቹ ደብዝዘዋል፤ ጠርዙም ጠቁሯል። የጣሊያናዊው የአርካንጄሎ ኮሬሊ የቫዮሊን ሶናታ ነው፤ በ1700 ሮም ላይ ከወጣው ከአምስተኛው መድበሉ የተወሰደ። ከላይ የቫዮሊኑ ዜማ ይሄዳል፤ ከታች አንድ ብቸኛ የቤዝ መስመር ይከተለዋል። ሌላ ምንም የለም። ለአጃቢው ቀኝ እጅ የተጻፈች አንዲት ኖታ እንኳ አልነበረችም። በቤዙ ኖታዎች ራስ ላይ ብቻ ትናንሽ ቁጥሮች እዚህም እዚያም ተበትነዋል።

ፒያኖ መማር የጀመረ ሰው በኖታ ላይ ቁጥር ሲያይ መጀመሪያ የሚታሰበው ጣቱ ነው። አውራ ጣት 1 ነው፤ ትንሿ ጣት 5። እኔም እንደ ለመድሁት ጣቶቼን ቁልፎቹ ላይ ደርድሬ ቁጥሩን መከተል ጀመርሁ። ጥቂት ከሄድሁ በኋላ 6 ላይ ደረስሁ። እጄን አየሁት። መልሼ ወረቀቱን አየሁት። ወረድ ብሎ ደግሞ 7 ነበር። ያን ጊዜ የደረስሁበት ድምዳሜ ዛሬም ያስቀኛል፤ የኅትመት ስሕተት ነው ብዬ ተውሁት።

በኋላ ወረቀቱን ለአንድ አስተማሪ አሳየሁት። ብዙ አላብራራም። «ከጣትህ አትቁጠር፤ ከታች ካለው ድምፅ ቁጠር» አለኝና ወደ ሥራው ተመለሰ። ያቺ አጭር መልስ ምን ያህል ታሪክ እንደ ተሸከመች የገባኝ ቀስ በቀስ፣ ብዙ ካነበብሁና ብዙ ከተሳሳትሁ በኋላ ነው። ዛሬ ላካፍላችሁ የምፈልገው ይህንኑ የባለአኃዝ ቤዝን ታሪክ ነው፤ ቁጥር በቤዝ ላይ መጻፍ እንዴት እንደ ተጀመረ፣ ምን እንደሚል፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ምን ሳይል እንደሚተው። (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ነገሩ የተጀመረው ከችግር ነው። በ16ኛው መቶ ዓመት ማብቂያ በጣሊያን አብያተ ክርስቲያናት የሚዘመረው መዝሙር አምስት፣ ስድስት፣ አንዳንዴም ስምንት ድምፅ የተጠላለፈበት ነበር። እያንዳንዱ ዘማሪ የራሱ ደብተር አለው፤ በደብተሩም የራሱ ድምፅ ብቻ ተጽፏል። ሁሉም ድምፆች ባንድ ገጽ ላይ ተደርድረው የሚታዩበት ኖታ እምብዛም አይታተምም። ኦርጋን መቺው መዘምራኑን ሊያጅብ ከፈለገ ወይ ሁሉንም ደብተሮች ሰብስቦ ባንድ ላይ መገልበጥ አለበት፤ ወይም ደግሞ የታችኛውን ድምፅ ብቻ ይዞ የቀረውን በጆሮውና በዕውቀቱ መሙላት አለበት። ሥራ የበዛባቸው ሰዎች ሁለተኛውን መረጡ።

በ1602 ቬኒስ ላይ መቶ የቤተ ክርስቲያን ዜማዎችን ያሳተመው ፍራንቸስካዊው መነኩሴ ሎዶቪኮ ቪያዳና በመግቢያው የጻፈው ይህንኑ ችግር የሚያሳይ ነው። መዘምራን በጎደሉበት ቦታ ሰዎች ለብዙ ድምፅ ከተደረሰው መዝሙር አንዱን ወይም ሁለቱን ድምፅ ብቻ ነጥለው ከኦርጋን ጋር ይዘምሩ ነበር። ውጤቱም የተቦጫጨቀ ሆነ፤ ዘማሪው ያለ ምክንያት ረጅም ጊዜ ዝም ይላል፤ የቃሉ ትርጉም ይቆራረጣል፤ መዝጊያው ሌላ ቦታ ባለ ድምፅ ውስጥ ይቀራል። ስለዚህ ቪያዳና ከመጀመሪያውኑ ለአንድ፣ ለሁለት፣ ለሦስትና ለአራት ድምፅ የሚሆን ዜማ ጻፈ፤ ከሥሩም ለኦርጋን መቺው አንድ የማያቋርጥ ቤዝ አኖረለት። በዚያ ቤዝ ላይ ከሻርፕና ከፍላት ምልክት በቀር ቁጥር አልነበረም። መቺው ያውቃል ተብሎ ታስቦ ነው።

ቁጥሩ የመጣው በሌላ በር ነው። በ1600 ሮም ላይ የኤሚሊዮ ዴ ካቫሊዬሪ «የነፍስና የሥጋ ትዕይንት» ሲታተም ቤዙ ቁጥር ይዞ ወጣ። በፍሎረንስም ያኮፖ ፔሪና ጁሊዮ ካቺኒ በዚያው ዓመት ገደማ ተመሳሳይ ሥራ ያሳትሙ ነበር። እነዚህ ሰዎች የሚፈልጉት አንድ ነገር ነው፤ ሰው በዜማ እንዲናገር። ገጸ ባሕርዩ ሲያዝን እንደሚያዝን ሰው፣ ሲቆጣም እንደሚቆጣ ሰው ቃሉን ያውጣ ነው የሚሉት። አምስት ድምፅ በተጠላለፈበት ዝማሬ ይህ አይሆንም። አንድ ድምፅ ይናገራል፤ ከሥሩ አንድ ቤዝ በዝግታ ይንቀሳቀሳል፤ በመካከሉ ያለው ቦታ ክፍት ይሆናል። ያን ክፍት ቦታ በሃርፕሲኮርድ ወይም ቲዮርቦ በሚባለው ረጅም አንገት ባለው የክር መሣሪያ የሚሞላው ሰው ዘማሪው ሲፈጥን እየፈጠነ፣ ሲዘገይ እየዘገየ መከተል አለበት። ሁሉም ነገር ተጽፎ ቢሰጠው እጁ ይታሰራል። ምንም ባይሰጠው ደግሞ ከዘማሪው ጋር ይጋጫል። ቁጥሩ በሁለቱ መካከል የተገኘ መፍትሔ ነው።

ከሁሉ የሚያስደስተኝ ግን የአጎስቲኖ አጋዛሪ ምክንያት ነው። አጋዛሪ በ1607 ሲዬና ላይ በቤዝ ላይ ስለ መጫወት የሚያስተምር ትንሽ መጽሐፍ አሳተመ። ይህ አሠራር ለምን እንዳስፈለገ ሲያስረዳ ስለ አዲሱ የአዘማመር ስልት ከተናገረ በኋላ ወደ ተራው ኑሮ ይወርዳል። በሮም ባንዲት ቤተ ክርስቲያን ብቻ በዓመት የሚዘመረውን ሁሉ ሙሉ በሙሉ ጽፎ መያዝ ካስፈለገ የኦርጋን መቺው ቤተ መጻሕፍት ከሕግ ሊቅ ቤተ መጻሕፍት ሊበልጥ ነው ይላል። እንግዲህ ይህ የረቀቀ ጥበብ ከፊሉ የተወለደው ከወረቀት ብዛትና ከመደርደሪያ ጥበት ነው።

*

አሁን ወደ ቁጥሩ ራሱ ልግባ። ሙዚቃ ያልተማራችሁ አንባቢዎቼ አትሽሹ፤ እስከ ሰባት መቁጠር የሚችል ሁሉ ይገባዋል።

ዶ፣ ሚ፣ ሶል የሚሉትን ሦስት ድምፆች ባንድ ጊዜ ብንመታ አንድ ኮርድ ይሆናል። ከታች ያለው ዶ ነው እንበል። ዶን 1 ብለን ወደ ላይ ስንቆጥር ሬ 2፣ ሚ 3፣ ፋ 4፣ ሶል 5 ይሆናል። ስለዚህ ከዶ በላይ 3 እና 5 አሉ። ይህ እጅግ የተለመደ ስለ ሆነ ጸሐፊዎቹ አይጽፉትም፤ ቁጥር የሌለበት ቤዝ ማለት 5 እና 3 ጨምርበት ማለት ነው።

አሁን እነዚያኑ ሦስት ድምፆች እንያዝና ዶን ከታች አንሥተን ወደ ላይ እናውጣው። ከታች ሚ ቀረ። ሚን 1 ብለን እንቁጠር፤ ፋ 2፣ ሶል 3፣ ላ 4፣ ሲ 5፣ ዶ 6። ከሚ በላይ 3 እና 6 አሉ። ጸሐፊው 6 ብቻ ይጽፋል፤ ሦስቱ በራሱ የታወቀ ነው። የእኔ ስድስተኛ ጣት ይህ ነበር። እንደገና ሚንም ወደ ላይ ብናወጣው ከታች ሶል ይቀራል። ከሶል ስንቆጥር ዶ 4፣ ሚ 6 ነው፤ ስለዚህ 6 ከላይ፣ 4 ከሥሩ ይጻፋል። ድምፆቹ ያው ዶ፣ ሚ፣ ሶል ናቸው። የተለወጠው ከታች የሚቆመው ማን እንደ ሆነ ብቻ ነው። ይህን የዛሬ ተማሪዎች ኢንቨርሽን ይሉታል፤ መገልበጥ ማለት ነው።

አራት ድምፅ ያለው ኮርድም እንዲሁ ነው። ሶል፣ ሲ፣ ሬ፣ ፋ እንውሰድ። ሶል ከታች ሲሆን ፋ ሰባተኛው ስለ ሆነ 7 ይጻፋል። ሲ ከታች ሲሆን 6 እና 5፣ ሬ ከታች ሲሆን 4 እና 3፣ ፋ ራሱ ከታች ሲወርድ 4 እና 2 ይሆናል። ቆጥራችሁ ድረሱበት፤ ደስ ይላል። ከቁጥሩ ጋር ሻርፕ ወይም ፍላት ከተጻፈ ያን ድምፅ ግማሽ ከፍ ወይም ዝቅ አድርገው ማለት ነው። ምልክቱ ያለ ቁጥር ብቻውን ከቆመ ሦስተኛውን የሚመለከት ነው። ሁለት ቁጥሮች ጎን ለጎን፣ ለምሳሌ 4 ከዚያም 3፣ ከተጻፉ ደግሞ አራተኛው ድምፅ ጥቂት ቆይቶ ወደ ሦስተኛው ይውረድ ማለት ነው። ዋናው ሥርዓት ይኸው ነው።

ጠቅላላው ፊደል ባንድ ገጽ ያልቃል። የሚከብደው ፊደሉ አይደለም፤ ያልተጻፈው ነው። ቁጥሩ 6 ሲል ስድስተኛውን ድምፅ ጨምር ይላል እንጂ በየትኛው ከፍታ፣ ስንት ጊዜ ደራርበህ፣ በታትነህ ወይስ ባንድ ላይ መትተህ፣ ጮክ ብለህ ወይስ በለሆሳስ አይልም። ዘማሪው ዝግ ያለ ድምፅ ያለው ከሆነ አጃቢው ማሳሳት አለበት፤ አዳራሹ ሰፊ ከሆነ ማወፈር አለበት። ቀደም ያለው ኮርድ እጁን የት እንዳደረሰው፣ ቀጥሎ የሚመጣውም ወዴት እንደሚስበው ማሰብ አለበት። ካቫሊዬሪ መጀመሪያ ላይ 10፣ 11 እና ከዚያም የሚበልጡ ቁጥሮችን እየጻፈ ከፍታውን ጭምር ለመወሰን ሞክሮ ነበር። ተከታዮቹ ግን ይህን ተውት። ለብልህ አይነግሩም፣ ለአንበሳ አይመትሩም እንደሚባለው፣ ለሚያውቅ ሰው ሁሉን መጻፍ ንቀት መሰላቸው መሰለኝ።

እዚህ ላይ ስደርስ ሁልጊዜ የድጓችን ምልክት ይታወሰኛል። ከግዕዙ ቃል በላይ በደቃቅ ጽሕፈት የሚቀመጡት ፊደላት፣ ከእነርሱም ጋር ይዘት፣ ደረት፣ ርክርክ፣ ቁርጥ እየተባሉ የሚጠሩት ምልክቶች ዜማውን ለማያውቅ ሰው ዜማ አይነግሩም። የሊቃውንቱ ትውፊት ሥርዓቱን ያቀኑት በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመነ መንግሥት (1540–1559) የነበሩት አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል ናቸው ይላል። ፊደላቱ አስቀድሞ በቃል ከሚታወቅ ዜማ የተወሰዱ ማስታወሻዎች ናቸው፤ ያንን ዜማ በመምህሩ እግር ሥር ያልተማረ ሰው ቢያያቸው እኔ 6ን እንዳየሁ ነው የሚያያቸው። ልዩነታቸውን አልስተውም። የእኛ ዜማ ኮርድ አያውቅም፤ ምልክቱም የሚመራው የአንዱን ድምፅ ጉዞ ነው። ቁጥሩ ግን ባንድ ጊዜ የሚሰሙ ድምፆችን ይመለከታል። ነገር ግን ሁለቱም ጽሕፈቶች ባንድ ነገር ይስማማሉ፤ የሚጽፉት ለሚያውቅ ሰው ነው።

*

የሚያውቀው ሰው ግን ከየት ይመጣል? ይህን ጥያቄ ስከተል ኔፕልስ ደረስሁ።

በዚያች ከተማ በ16ኛው መቶ ዓመት የተመሠረቱ አራት የወላጅ አልባ ልጆች ማሳደጊያዎች ነበሩ፤ ኮንሰርቫቶሪዮ ይባላሉ፤ ቃሉ ልጆች የሚጠበቁበት ቤት ማለት ነው። ዛሬ በመላው ዓለም የሙዚቃ ትምህርት ቤት በዚህ ስም መጠራቱ መነሻው ይህ ነው። ልጆቹ እንጀራ የሚበሉበት ሙያ ያስፈልጋቸው ነበርና ሙዚቃ ተማሩ። ከሚማሩባቸው መንገዶች ዋነኛው ፓርቲሜንቶ የሚባለው ነው፤ ይኸውም አንዳንዴ ቁጥር ያለው፣ አንዳንዴም የሌለው አንድ የቤዝ መስመር ነው። ልጁ ሃርፕሲኮርድ ላይ ተቀምጦ ከዚያ አንድ መስመር ሙሉ ሙዚቃ ያወጣል። መጀመሪያ ተራ ኮርድ፣ ቀጥሎ የሚተሳሰሩ ድምፆች፣ በመጨረሻም ሙሉ ፉጋ። የመምህሩ የፌዴሌ ፌናሮሊ የደንብ መጽሐፍ በ1775 ታትሞ ለብዙ አሥርት ዓመታት አገልግሏል፤ ደንቦቹ ግን አጫጭር ናቸው። የቀረውን የሚያሟላው መምህሩ ነበር።

ከእነዚህ ቤቶች ፐርጎሌዚ ወጣ፤ ፓይዚየሎ ወጣ፤ የድሃ ግንበኛ ልጅ የነበረው ቺማሮዛም ወጣ። ሥራዎቻቸው ከኔፕልስ አልፈው እስከ ሴንት ፒተርስበርግ ቤተ መንግሥት ደርሰዋል። ይህን ሳነብ የእኛዎቹ አርባ ልጆች ትዝ አሉኝ፤ በ1924 ራስ ተፈሪ ከኢየሩሳሌም ያመጧቸው፣ በኬቮርክ ናልባንዲያን መሪነት በአዲስ አበባ ማርሽ የነፉት አርመናውያን ወላጅ አልባዎች። ዘመኑም ትምህርቱም ይለያያል። ቤት ያጣ ልጅ በሙዚቃ ቤት ማግኘቱ ግን በሁለቱም አለ።

በሰሜን ጀርመን አገርም ትምህርቱ ከዚሁ ይጀምር ነበር። ካርል ፊሊፕ ኤማኑኤል ባኽ ስለ አባቱ ስለ ዮሐን ሴባስቲያን ባኽ ለታሪክ ጸሐፊው ለፎርከል በጻፋቸው ደብዳቤዎች፣ አባቱ ተማሪዎቹን የሚያስጀምራቸው በአራት ድምፅ በተሞላ ባለአኃዝ ቤዝ እንደ ነበረ ነግሮታል። ሌላም ነገር ጽፏል። ሽማግሌው ደስ ሲለውና ደራሲው እንደማይቀየም ሲያውቅ፣ ቁጥሩ በወጉ ካልተጻፈበት ቤዝ ተነሥቶ ለሦስት ድምፅ የተደረሰውን ሥራ እዚያው በዚያው አራተኛ ድምፅ ፈጥሮለት ባለአራት ድምፅ ያደርገው ነበር። እስኪ አስቡት። በፊቱ ያለው አንድ መስመር ነው። የሌላ ሰው ሥራ ነው። ሌሎቹ ተጫዋቾች አይጠብቁትም።

*

አሁን ወደ ጠቡ ልምጣ። የታሪኩ ልብ እዚህ ነው።

ቁጥሩን የሚያነብ ሰው ሁልጊዜ የሚጠይቀው ከታች ማን እንዳለ ነው። ከዶ በላይ 5 እና 3፣ ከሚ በላይ 6፣ ከሶል በላይ 6 እና 4 ለእርሱ ሦስት የተለያዩ ነገሮች ናቸው፤ እያንዳንዱም የራሱ ጠባይና የራሱ ሕግ አለው። ስለዚህ በ17ኛው መቶ ዓመት የአጃቢዎች መጻሕፍት የኮርዱ ዓይነት እየበዛ፣ የሕጉም ዝርዝር እየረዘመ ሄደ። ሦስቱ በመሠረቱ አንድ ናቸው ብለው የጻፉ ሊቃውንት ቀድሞም ነበሩ፤ ጀርመናዊው ዮሐንስ ሊፒየስ በ1612 ይህን ተናግሯል። ግን ነገሩ የሁሉ መነጋገሪያ የሆነው ከመቶ ዓመት በኋላ ነው።

በ1722 ዣን ፊሊፕ ራሞ የሚባል፣ በክሌርሞን ካቴድራል ኦርጋን ይመታ የነበረ ፈረንሳዊ፣ ስለ ሃርመኒ የጻፈውን ትልቅ መጽሐፍ በፓሪስ አሳተመ። ራሞ የሚለው ባጭሩ ይህ ነው። አንድ ድምፅና ኦክቴቩ፣ ማለትም የታችኛው ዶና የላይኛው ዶ፣ ለጆሮ እንደ አንድ ናቸው። እንዲህ ከሆነ ዶን ከታች አንሥቶ ወደ ላይ ማውጣት የኮርዱን ማንነት አይለውጥም። ዶ፣ ሚ፣ ሶል ማንም ከታች ቢቆም የዶ ኮርድ ነው፤ መሠረቱ ዶ ነው። ስለዚህ ያ ሁሉ የኮርድ ዝርዝር ወደ ሁለት ይጠቃለላል፤ ባለሦስት ድምፁና ባለሰባተኛው። የቀሩት የእነርሱ ግልብጦች ናቸው። ከሚሰማው ቤዝ ሥርም ሌላ የማይሰማ፣ በአእምሮ ብቻ የሚታይ መሠረታዊ ቤዝ ይሄዳል፤ ሙዚቃን የሚያንቀሳቅሰው እርሱ ነው።

ይህ ታላቅ ግኝት ነው። መጀመሪያ ሲገባኝ በጨለማ ክፍል መብራት የበራ ያህል ነበር የተሰማኝ። ተበታትኖ የማየው ሁሉ ዘመድ ሆነ። ራሞ አጃቢውን ጎንበስ ብሎ እግሩ ሥር ከሚቆጥርበት አስነሥቶ የትውልድ ሐረግ እንዲያይ አደረገው። ዛሬ በየትኛውም የሙዚቃ ትምህርት ቤት ኢንቨርሽን የሚማር ልጅ፣ ስሙን ሰማም አልሰማ፣ የራሞ ተማሪ ነው።

ሆኖም ካርል ፊሊፕ ኤማኑኤል ባኽ አልተቀበለውም። የእርሱም የአባቱም መርሕ የራሞ ተቃራኒ መሆኑን ጮክ ብሎ እንዲናገር ለወዳጁ ለኪርንበርገር በጽሑፍ ፈቅዶለታል። ይህን ሳነብ ግራ ገባኝ። ያንን የመሰለ ግልጽ እውነት፣ ያን የመሰሉ ሰዎች እንዴት ይቃወማሉ? የአዋቂዎች ግትርነት ነው ብዬ አለፍሁት።

ያስተማረኝ 6 እና 4 ነው። በራሞ ስሌት ሶል ላይ የቆመው ዶ፣ ሚ፣ ሶል ያው የዶ ኮርድ ነው። ዶ ደግሞ ቤት ነው፤ ዜማው የሚያርፍበት። እስኪ ተጫወቱት። አያርፍም። ተንጠልጥሎ ይቀራል። ዶው ወደ ሲ፣ ሚውም ወደ ሬ ሊወርድ ይጎተጉታል፤ 6 ወደ 5፣ 4 ወደ 3። ሞዛርት ለፒያኖና ለኦርኬስትራ በደረሳቸው ኮንቼርቶዎች መጨረሻ አካባቢ ኦርኬስትራው ድንገት የሚቆመው በዚሁ በ6 እና 4 ላይ ነው። ከዚያ ፒያኖ ተጫዋቹ ብቻውን የፈለገውን ያህል ይጫወታል። አድማጩ ግን አያጨበጭብም፤ ተነሥቶም አይሄድም። ያ ኮርድ ገና እንዳላረፈ ጆሮው ያውቃል። የዶ ኮርድ ከመሠረቱ ላይ ቆሞ ቢሆን ኖሮ ሁሉም አለቀ ብሎ ነበር።

እንግዲህ ማን ትክክል ነው? እኔ እንደ ገባኝ ጥያቄዎቻቸው ይለያያሉ። ራሞ የሚጠይቀው ይህ ኮርድ የማን ወገን ነው ብሎ ነው። ቁጥሩ የሚጠይቀው አሁን በምን ላይ ቆሟል፣ ወዴትስ ሊሄድ ነው ብሎ ነው። ሰው በአባቱ ቤት ሲቀመጥና በባዕድ ቤት ደጃፍ ሲቆም ያው ሰው ነው፤ ስሙም ዘሩም አልተለወጠም። አቋቋሙ ግን ይለወጣል፤ አነጋገሩም ይለወጣል። ዘሩን ብቻ የጠየቀ ሰው ይህን አያይም። አቋቋሙን ብቻ ያየም ዘመዱን አያውቅም። እኔ ራሴ ለረጅም ጊዜ 6 እና 4ን «የዶ ኮርድ፣ ሁለተኛ ኢንቨርሽን» ብዬ ስም ከሰጠሁት በኋላ የጨረስሁ ይመስለኝ ነበር። ስሙን አውቄ ነበር፤ ድምፁን ግን አልሰማሁትም ነበር።

*

የቁጥሩ ዘመን በ18ኛው መቶ ዓመት ማብቂያ ላይ እያለፈ ሄደ። ደራስያን የመካከሉን ድምፆች ሁሉ ራሳቸው ለኦርኬስትራው መጻፍ ጀመሩ፤ ክፍት ቦታ አልቀረም። ሃርፕሲኮርዱም ቀስ በቀስ ከአዳራሹ ወጣ። በቤተ ክርስቲያን ሙዚቃ ግን ቁጥሩ ጥቂት ቆየ፤ ሳይጠፋም በፊት አንድ የመጨረሻ ትልቅ አገልግሎት ሰጠ።

ሞዛርት በታኅሣሥ 5 ቀን 1791 በ35 ዓመቱ ሲያርፍ የሙታን ጸሎት ቅዳሴው አላለቀም ነበር። ሥራውን በምስጢር ያዘዘው ቆንት ቫልዜግ ነው፤ ባለቤቱ ኮንስታንሴ ቀሪውን ክፍያ ለማግኘት ሥራው ተፈጽሞ መቅረብ ነበረበት። ሞዛርት በሙሉ ያዘጋጀው መክፈቻውን ብቻ ነው። ከዚያ በኋላ ላሉት ብዙ ክፍሎች የተወው የመዘምራኑን ድምፅ፣ አንዳንድ ቦታ ደግሞ የመሣሪያዎችን ፍንጭ፣ ከታች ግን ባለቁጥር ቤዝ ነው። ላክሪሞሳ የተባለው ክፍል ስምንት ባር ያህል ሄዶ ይቆማል። መጀመሪያ ዮሴፍ አይብለር ሞክሮ ተወው፤ በኋላ ዙስማየር ወስዶ ፈጸመው።

በዙስማየር ሥራ ላይ ብዙ ተብሏል። እኔን የሚያስደንቀኝ ግን ሥራው ጭራሽ መቻሉ ነው። የሚሞተው ሰው ጊዜ አልነበረውም፤ ሁሉን ለመጻፍ ቢሞክር ኖሮ ከመጀመሪያዎቹ ገጾች ባላለፈ ነበር። ከላይ ድምፁን፣ ከታች ቤዙንና ቁጥሩን እያስቀመጠ ወደ ፊት ሮጠ። በመካከል ያለውን ለሚያውቅ ሰው አደራ ሰጠ። አደራውን የተቀበለው ሰው እንደ ሰጪው ሊቅ አልነበረም፤ ቋንቋውን ግን ያውቅ ነበር። ዛሬ ያን ቅዳሴ ስንሰማ በደንብ ልብ ካልን ከምናዝንባቸው ድምፆች ብዙዎቹ መጀመሪያ 6፣ 7፣ 4 እና 3 እየተባሉ የተጻፉ ናቸው።

በ19ኛው መቶ ዓመት ቋንቋውን የሚያውቀው ሰው አነሰ። ሃርመኒ ከሃርፕሲኮርድ ወንበር ተነሥቶ ወደ ጥቁር ሰሌዳ ሄደ። ጎትፍሪድ ቬበር ከ1817 ጀምሮ ባሳተመው መጽሐፉ ኮርዶችን በሮማውያን ቁጥር መሰየምን አስፋፋ፤ የጥንቱ 6ም ከሮማዊው ቁጥር ጎን ተለጥፎ የግልብጥነት ምልክት ሆኖ ቀረ። አዲስ እትሞች ሲወጡ አዘጋጆቹ የቀኝ እጁን ኮርዶች ራሳቸው ጽፈው ማተም ጀመሩ። ለተጫዋቹ ቸርነት ነው። ግን ክፍቱ ቦታ ተዘጋ። በ20ኛው መቶ ዓመት የጥንቱን ሙዚቃ በጥንቱ አኳኋን ለመጫወት የተነሡ ሰዎች ቁጥሩን እንደገና ከቁልፉ ላይ ማንበብ ሲጀምሩ ከመጻሕፍት መማር ነበረባቸው፤ የመምህር ለተማሪ ሰንሰለቱ በብዙ ቦታ ተበጥሶ ነበርና። መጻሕፍቱ ብዙ ነገር መለሱላቸው። ሆኖም የኔፕልስ መምህር ሕፃኑን አጠገቡ አስቀምጦ «እንዲህ አይደለም» እያለ በእጁ ያሳየውን ማንም አልጻፈውም።

ስለ ድጓው የማስበውም ይህንኑ ነው። ብራናው ይቆያል፤ ፎቶም ይነሣል፤ በመስታወት ውስጥም ይቀመጣል። ምልክቱ ከቃሉ በላይ እንደ ተቀመጠ መቶ ዓመት ሊኖር ይችላል። ከፊቱ ቆሞ በቃሉ የሚያውቀው መሪጌታ ከሌለ ግን ያ ሁሉ ደቃቅ ጽሕፈት ስድስተኛ ጣት ነው። እንዲህ ያለ ጽሑፍ ከጥፋት የሚድነው ሰው ለሰው ሲያስተላልፈው ብቻ ነው።

ያን የደበዘዘ የኮሬሊ ቅጂ አልጣልሁትም። ከአስተማሪው መልስ በኋላ ቤቴ ገብቼ መጀመሪያ ያደረግሁት 6 የተጻፈበትን ኖታ መፈለግ ነበር። በግራ እጄ ቤዙን ያዝሁ፤ ከታች ካለው ድምፅ ጀምሬ በጣቴ ቁልፎቹን እየነካሁ እስከ ስድስት ቆጠርሁ። በቀኝ እጄ ሦስተኛውንና ስድስተኛውን ባንድ ላይ ተጫንሁ። አንድ ትንሽ ኮርድ ነው፤ ማንም በየቀኑ የሚሰማው። ነገር ግን ከሦስት መቶ ዓመት በፊት የነበረ ሰው ባዶ የተወውን ቦታ ለመጀመሪያ ጊዜ በገዛ እጄ ሞላሁት። ቀጥሎ ያለው ቤዝ ላይ ምንም ቁጥር አልነበረም።

ምን ማለት እንደ ሆነ አሁን አውቃለሁ። ቀጠልሁ።